ዓይን፣ ጆሮ፣ ከልቢ

መቐለ አጠገብ ወዳለችው ዓይናለም የሄድኩት ስለ ውሃ ጉድጓዶቹ ልጽፍ ነበር። ከአንደኛው ጉድጓድ አጠገብ አንድ ጎልማሳ ለአጥር የሚሆን ድንጋይ ይጠርባል። የጠረበውን ፊት ለማየት ፈልጎ በጣሳ ውሃ ደፋበት። ያን ጊዜ ሽታው መጣ። የመቐለ ድንጋይ ተጠርቦ ሳይውል ሳያድር ውሃ ሲነካው የሚሰጠው ሽታ የዝናብ ሽታ አይደለም፤ ኖራ ኖራ ይላል፣ ትንሽም የተጫረ ክብሪት አለበት። ከጉድጓዱ ኃላፊ ጋር የጀመርኩትን ጥያቄ ሳልጨርስ ደብተሬን ዘጋሁ።

ከዚህ በታች ያየሁትን አየሁ፣ የሰማሁትን ሰማሁ እያልኩ እጽፋለሁ። ይህን ልማድ የጋዜጣ ሥራ አላስተማረኝም። ዓዲ ቃል ከሚባል፣ በየትኛውም ካርታ ላይ ከሌለ አገር ያመጣሁት ነው።

ያን ዓመት አሥር ዓመቴ ነበር። አባቴ ሰይድ ከወሎ መጥቶ መቐለ ውስጥ የፕላስቲክ ዕቃ መሸጥ ከጀመረ ቆይቷል፤ እናቴንና እኔን ያስመጣን ግን በዚያው ዓመት መስከረም ላይ ነው። ትግርኛዬ ሰላምታና ወረፋ ብቻ ነበር። «ከመይ ሓዲርክን» እና «ተራይ እዩ» ማለት ከቻልሽ ቦኖ ደርሰሽ ትመለሻለሽ። የቤት ሥራዬም እሱ ነበር፤ ከትምህርት ቤት መልስ ሁለት ትንንሽ ጀሪካን ውሃ መቅዳት። አንዱ ለቤታችን ነው። ሌላው ከጓሯችን አጥር ማዶ ለሚሠሩት ድንጋይ ጠራቢ ለአቦይ ተኽለ ነው። አቦይ በትግርኛ አባቴ እንደማለት ነው። እናቴ ልጆቻቸው ሩቅ መሆናቸውን ሰምታ፣ «ለአቦይም ቅጂላቸው፤ እጅሽ አይቆረጥ» አለችኝ።

አቦይ ተኽለ ቀጭን ናቸው። ቅንድባቸው ነጭ ነው። የድንጋይ ብናኝ መስሎኝ ነበር፤ አንድ እሑድ ታጥበው፣ ለብሰው ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ቅንድባቸው እንደነጣ ሳየው ሰውዬው በደንብ አልታጠቡም ብዬ ለእናቴ ነገርኳት። ውሻም ነበረቻቸው። ስሟ ኖራ ነው፤ ቀኑን ሙሉ ብናኝ ውስጥ ስለምትተኛ ነጭ ናት። ዝናብ ሲመታት ግን ቡናማ ሆና ትገኛለች።

ድንጋይ ሲመርጡ በመዶሻቸው ጫፍ መታ አድርገው ጆሯቸውን ያስጠጋሉ።

«ስሚያት። ትጮኻለች አይደል? ይቺ እውነተኛ ናት።» ቀጥለው ሌላውን መቱ፤ ዷ ብሎ ቀረ። «ይቺ ግን ውስጧ ተሰንጥቋል። ትዋሻለች።»

«ድንጋይ ይዋሻል እንዴ አቦይ?»

«እዚህ አይዋሽም። ዓዲ ቃል ቢሆን ኖሮ፣ እንደ ተናጋሪው ነው።»

ዓዲ ቃል፣ የቃል አገር፣ በዚህ ተጀመረ። ውሃውን ባደረስኩ ቁጥር ትንሽ ትንሽ ይነግሩኛል። ዓዲ ቃል ሁለት ፀሐይ አላት፤ አንዷ ለሠራተኛ፣ አንዷ ለሰነፍ የምትወጣ። ተራሮቿ በዓመት አንድ ስንዝር ይራመዳሉ። ከሁሉ የሚገርመው ግን እዚያ አገር ቃል ከአፍ እንደወጣ ድንጋይ መሆኑ ነው። ሰላምታ ጠጠር ይሆናል። ቃል ኪዳን የማዕዘን ድንጋይ ይሆናል። የእናቶች ቁጣ ደግሞ ለአጥር የሚሆን ሹል ድንጋይ ነው። ሕዝቡ ቤቱን የሚሠራው በተናገረው ነው።

«ታድያ የውሸታም ቤት አይፈርስም?» አልኳቸው።

«እወ! ይፈርስ ነበር እንጂ። ስንቱ ቤት በስንቱ ላይ ወደቀ! መዛኞቹ የተነሡት በዚህ ምክንያት ነው።»

መዛኞች የዓዲ ቃል ጠቢባን ናቸው። ማንንም ሰው «እውነት ነው ወይ?» ብለው አይጠይቁም፤ ይህን ከጠየቁት ሁሉም አዎ ይላልና። የሚጠይቁት አንድ ነገር ብቻ ነው፦ «በየት መጣ?» ቃል ወደ ሰው የሚመጣበት መንገድ ሦስት ነው ብለው ያስተምራሉ። አቦይ መሬቱ ላይ በመሮ ጫፍ ምልክቶቹን ሠሩልኝ። «ዓይኒ» አሉና ክብ ነገር ሠርተው መሐሉን ነጠቡ። «እዝኒ» አሉና ጆሮ የመሰለ ቅስት ጨመሩ። ከዚያ አንድ ትልቅ ነጥብ፣ ከላዩም አራት ትንንሽ ነጥቦች አድርገው «ከልቢ» አሉ። ከእነዚህ አንዱ ያልተቀረጸበት ድንጋይ ግድግዳ ላይ አይወጣም።

«ምልክት የሌለውስ ምን ይሆናል?»

«ደጅ ይቀመጥበታል። ሐሜት ለመቀመጫ ደኅና ነው።»

የዓይን ወገኖችና የጆሮ ወገኖች ማን ይበልጣል በሚል ለትውልድ ተከራክረዋል አሉኝ። የከልቢ ወገኖች ክርክር ላይ ተገኝተው አያውቁም፤ ሁልጊዜ መንገድ ላይ ናቸው።

አቦይ አማርኛ የተማሩት በወጣትነታቸው መሐል አገር ግንባታ ላይ ሲሠሩ ነው፤ ቃል ሲያጥራቸው ትግርኛውን ጣል ያደርጉበታል። ዓይኒ ዓይን መሆኑ፣ እዝኒም ጆሮ መሆኑ ገብቶኛል። ከልቢ የሚለውን ግን የራሴ ቋንቋ ሰጠኝ፤ ከልብ ነዋ! አባቴ ቀኑን ሙሉ ለደንበኞቹ «ከልቤ ነው የምልሽ፣ ይቺ ባልዲ አትሰበርም» ሲል እሰማዋለሁ። አምስቱን ነጥብ አበባ አድርጌ አየሁት። አበባ የፍቅር፣ ፍቅር የልብ ነው። የከልቢ ወገኖችም በፍቅር አገር ለአገር የሚንከራተቱ መሰሉኝ። ሦስተኛው መንገድ ከሁሉ የላቀ መሆኑን በዚህ አረጋገጥኩ፦ በጣም የምታምኚበትን ነገር ታውቂዋለሽ።

በሳምንቱ መምህራችን አስነሥተው፣ ሰባት ጊዜ ስምንት ስንት ነው አሉኝ።

«ሃምሳ አራት!»

ለእኔ ብለው በአማርኛ «እርግጠኛ ነሽ?» ሲሉኝ፣

«ከልቢ!» አልኩ፤ እንደ አቦይ አድርጌ።

ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። ከኋላዬ የተቀመጠው ልጅ «ሃው! ሃው!» ብሎ ጮኸ፤ ሌሎቹ ተቀበሉት። ለምን እንደሚጮኹ አልገባኝም። ስለ ዓዲ ቃል ያልሰሙ ምስኪኖች አልኩና ተቀመጥኩ።

ከጥምቀት በኋላ ቦኖው መድረቅ ጀመረ። ውሃ በፈረቃ ነበር የሚመጣው፤ አሁን ግን በተራችን ቀንም ቢሆን ግማሹ ሰው ሳይቀዳ ይቀጥንና ቀጥ ይላል። የቦኖው ቁልፍ በአደይ ለምለም አንገት ላይ በሲባጎ ይንጠለጠላል፤ አደይ ደግሞ እናቴ እንደማለት ነው። አደይ ለምለም ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ሦስት ልጆች ያሳደጉት በዚያች ቁልፍ መሆኑን ከእናቴ ሰምቻለሁ። ያየሁትን ልጨምር፦ ጀሪካኔን በእግሬ ገፋ ገፋ አድርጌ ወረፋ ስቀድም ሁለት ጊዜ ይዘውኛል። «ወሎየይቱ! እግርሽ ከአንቺ ቀድሞ መጣ እንዴ? ወደ ኋላ!» ብለው በሰው ፊት መልሰውኛል። አልወዳቸውም ነበር። ይህ መጻፍ አለበት።

ወረፋው ላይ ወሬ ተነሣ። ቁልፉን ጠምዝዘው የሚዘጉት እሳቸው ናቸው፣ ውሃውን በጓሮ ለግንበኞች ይሰጣሉ ተባለ። ልጆቹም እኔን አልተዉኝም፤ «ውሃ ጠፋ፣ ያባትሽ ጀሪካን ገበያ ደራ!» ይሉኛል። አንድ ከሰዓት የሰፈሩ የውሃ ኮሚቴ ሰብሳቢ መጥተው ወረፋውን ፊት ለፊት ጠየቁ።

«ወሬውን ተዉት። ስትዘጋ ያየ አለ?»

እኔ እጄን አወጣሁ።

«እኔ አውቃለሁ!»

«አየሻት?»

«ከልብ አውቃለሁ!»

የሳቁ ነበሩ። ከኋላ አንዲት ሴት ግን «ሕፃን ምን አጣልቷት ትዋሻለች?» አለች፤ ይህ ቃል በወረፋው እየተቀባበለ ሄደ። ሰብሳቢው እሑድ ስብሰባ እንዲጠራና ቁልፉ ለሌላ ሰው ስለመሰጠቱ እንዲወሰን ተናገሩ። አደይ ለምለም አንገታቸው ላይ ያለችውን ቁልፍ ጨብጠው ቆሙ።

የአቦይን ጀሪካን ይዤ እየሮጥኩ ገባሁ። እንኳን ሙሉ፣ ሩብም አልነበረም።

«አቦይ! ዛሬ አንድ ድንጋይ ግድግዳ ላይ አወጣሁ!»

«ጎሽ! በየት መጣ?»

«በከልቢ!»

መዶሻቸውን አስቀመጡ። ደስ አላቸው። «ሦስተኛውን መንገድ! እስከየት ተከተልሽ?»

«ምኑን?»

«ዱካውን ነዋ።»

«የምን ዱካ?»

«ከልቢ አላልሽኝም?»

«አዎ፣ ከልብ።» እጄን ደረቴ ላይ አደረግኩ።

እጄን አዩ፣ ፊቴን አዩ፣ ቀጥለው የድንጋይ ጋሪያቸው ሥር የተኛችውን ኖራን አዩ።

«ጓለይ» አሉኝ ቀስ ብለው፤ ልጄ ማለታቸው ነው፤ «ከልቢ ማለት እኮ እሷ ናት። ውሻ።»

ተከራከርኳቸው። በትግርኛ ውሻ ከልቢ አለመሆኑን የሰፈር ልጆች ሲሰዳደቡ ሰምቻለሁ፤ «ወዲ ኸልቢ» ነው የሚሉት፣ ኸ ብለው፣ ከጉሮሮ። አቦይ ሳቅ ያዛቸው። ብናኙ እስኪያስላቸው ሳቁ።

«ፊቷ ‹ወዲ› ሲመጣባት ጉሮሮ ትገባለች፤ ብቻዋን ስትቆም ትወጣለች። አንዲት ውሻ ናት ጓለይ፣ አንዲት!»

አምስቱን ነጥብ እንደገና መሬት ላይ ሠሩት። አበባ አልነበረም፤ የውሻ ዱካ ነው። ክፍል ውስጥ ለምን እንደጮኹብኝም ያን ጊዜ ገባኝና ጆሮዬ ድረስ ጋለብኝ። አቦይ ግን መሳቃቸውን አቁመው ነበር።

«ማንን ነው ግድግዳ ላይ ያወጣሽው?»

ነገርኳቸው።

«አደይ ለምለምን? በልብሽ?»

«ልብ ምልክት የላትም እንዴ?»

«የላትም። ልብ የትም አትሄድም፤ ደረት ውስጥ ተቀምጣ ትፈርዳለች። ውሻ አፍንጫዋን መሬት አድርጋ እስከ መጨረሻው ትሄዳለች። የሦስት ልጆች እናት እሑድ እንጀራዋን ልታጣ ነው፤ አንዱ ምስክር ደግሞ አንቺ ነሽ።» መዶሻቸውን አነሡ። «በሊ፣ እሑድ ሳይደርስ ከልቢ ሁኚ።»

ዕለቱ ሐሙስ ነበር።

ዐርብ ከትምህርት ቤት ቀርቼ ቀኑን አደይ ለምለምን ስከተል ዋልኩ፤ ከአባቴ ሱቅ ደጃፍ ቦኖው ይታያል። ሲከፍቱ አየሁ። ከከፈቱ በኋላ ቁልፉ ከአንገታቸው አልወረደም። ውሃው እጃቸው ሳይነካው በራሱ ቀጠነ፣ ቀጠነና ቆመ። በጓሮ የሄደ ሰው አላየሁም። አደይ ለምለም እንዳልዘጉ በዓይኔ አወቅኩ። ውሃው የት እንደሚሄድ ግን አላወቅኩም።

ቅዳሜ ጠዋት ኖራ ከውጭ ገባች። ጀርባዋ እንደወትሮው ነጭ ነው። አራቱም እግሮቿ ግን እስከ ጉልበቷ ቡናማ ናቸው።

ለሦስት ሳምንት ያህል እንዲሁ ሆና ስትመጣ አይቻታለሁ፤ አንድም ቀን ምንድን ነው ብዬ አላውቅም። ሰፈሩ ከንፈር የሚያርስ ውሃ አጥቶ ይህች ውሻ በጠዋት እግሯን ታጥባ ትመጣለች!

ዳቦ ይዤ ጠበቅኳት። ዳቦውን በላችና እንደገና ወጣች፤ እኔም ተከተልኳት። የአቦይን ግቢ ዞራ፣ ጅምር ቤት አልፋ፣ ዳገቱን ያዘች። በዳገቱ ላይ ዋናው ቧንቧ የተቀበረበት መሥመር አፈሩ ቀላ ብሎ ይታያል፤ ኖራ መሥመሩን አለቀቀችም። አናቱ ላይ የተቆለለ ድንጋይ ነበር። ከሥሩ ገባችና ጠፋች። ላፕ ላፕ የሚል ድምፅ ሰማሁ። ተንበርክኬ አየሁ። በየካቲት ድርቅ የለመለመ ሣር አለ፤ ከሣሩ ሥር ጉድጓድ፣ ጉድጓዱ ውስጥ ውሃ። እጄን ነከርኩ። ቀዝቃዛ ነው፣ ይንቀሳቀሳል። ከላይ ያለው ትልቁ ድንጋይ መሬቱን ተጭኖ አስምጦታል።

እልል ልል ቃጣኝ። ቀና ስል ግን ድንጋዩ ላይ ቀይ ምልክት አየሁ። አቦይ ድንጋይ ሲመርጡ የሚቀቡት ቀይ ነው። ሰፈሩ ሁሉ ያውቀዋል።

ከሰዓት ውሃ የሌለውን ጀሪካን ይዤ ሄድኩ። አቦይ ከሥራቸው ቀና አላሉም።

«ተከተልሽ?»

«ተከተልኩ።»

«ደረስሽ?»

«ደረስኩ። ግን አቦይ...»

«ለእኔ አትንገሪኝ። ነገ ለሁሉም ትናገሪያለሽ።»

«እርስዎን የሚያስከፋ ቢሆንስ?»

«መዛኝ የሚያስከፋና የሚያስደስት ብሎ አይለይም። በየት መጣ ነው የሚለው።»

ያን ቀን እራት አልበላሁም። እናቴ ትኩሳት እንዳለኝ ለማወቅ ግንባሬን ዳሰሰች።

እሑድ ሰዉ ቦኖው ፊት ለፊት ተሰበሰበ። አደይ ለምለም ቁልፉን ከአንገታቸው አውልቀው መዳፋቸው ላይ ይዘዋል፤ ውሰዱ ቢባሉ ሊሰጡ ተዘጋጅተዋል። ሰብሳቢው እኔን ሲያዩ ፈገግ አሉ።

«ምስክራችን መጣች! ወሎየይቱ፣ ዛሬስ በምንሽ አወቅሽ?»

«በከልቢ» አልኩ፤ በትክክል።

ልጆቹ «ሃው! ሃው!» አሉ። እስኪጨርሱ ጠበቅኳቸው።

«አዎ፣ በውሻ። የኖራ እግር እርጥብ ነበር፤ አየሁ። ተከተልኳት። ዳገቱ ላይ ከድንጋይ ክምር ሥር ቧንቧው ይፈሳል፤ በእጄ ነክቻለሁ። አደይ ለምለም አይዘጉም፤ ዐርብ ሙሉ ቀን አይቻለሁ። ሐሙስ ያልኩት...» ወደ አደይ ለምለም ዞርኩ። «ሐሙስ ያልኩትን አላየሁም፣ አልሰማሁም። ወደ ኋላ ስለመለሱኝ ነው። ይቅርታ ያድርጉልኝ አደይ ለምለም።»

«የማን ድንጋይ ነው?» አሉ ሰብሳቢው።

ዓይኔ አቦይ ተኽለን ፈለገ። ከኋላ ተነሡ። ከዚያ ቀን በፊት ዳገቱ ላይ ስለሚፈሰው ውሃ ምንም እንዳላወቁ እርግጠኛ ነኝ፤ ፊታቸውን አይቻለሁ።

«መልሺ ጓለይ።»

«ቀይ ምልክት አለው» አልኩ።

ሰው ሁሉ ወደ እሳቸው ዞረ። አቦይ ባርኔጣቸውን አወለቁ።

«እወ። የእኔ ነው። መኪናው ከዳገቱ አልወርድም ሲለኝ እዚያ አራግፍ ያልኩት እኔ ነኝ። ከሥሩ ምን እንዳለ አልጠየቅኩም።» ወደ አደይ ለምለም ዞረው እኅቴ አሏቸው። «ለምለም ሓፍተይ፣ ቁልፍሽን አንገትሽ ላይ መልሺው። አጥፊው እኔ ነኝ።»

ከዚያ የሆነውን እስከ ዛሬ ሳስበው ልቤ ይሞቃል። ማንም ለፍርድ አልተቀመጠም። አንዱ «ዲጂኖ ያለው!» ብሎ ጮኸ፤ ሰፈሩ እንዳለ ዳገቱን ወጣ። አባቴ ሱቁን ዘግቶ መጣ። ኖራ ከፊት ትሮጣለች፤ ሰልፉን የምትመራ ይመስላታል፣ ደግሞም ትመራዋለች። ድንጋዩን ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበሉ አነሡት፤ ትልቁን ስድስት ሰው በዲጂኖ ገለበጠው። ከሥሩ የተሰነጠቀው ቧንቧ ታየ፤ ውሃው ወደ ስንጥቅ አለት እየገባ ይሰወር ነበር። ሐሙስ ዕለት ስለ እኔ «ሕፃን ምን አጣልቷት ትዋሻለች» ያለችው ሴት ጎንበስ ብላ አየችና፣ «አቤት! አለቱ ሲጠጣ ከርሞ እኛን ያጣላናል!» አለች። አቦይ ሳይቀሩ ሳቁ።

ማክሰኞ ቧንቧው ተጠገነ። ከትምህርት ቤት ስመለስ ወረፋው ከቦኖው እስከ አባቴ ሱቅ ደርሶ ነበር። አደይ ለምለም ከሩቅ ጠሩኝ።

«ወሎየይቱ! ነይ ወዲህ።»

ቁልፉን ከአንገታቸው አውልቀው ሰጡኝ። «ዛሬ አንቺ ክፈቺው።»

በሁለት እጄ ጠመዘዝኩት። መጀመሪያ አየር አስነጠሰው። ቀጥሎ ዝገት የመሰለ ቀይ ተፋ። ከዚያ እጄን እስኪገፈትረው ድረስ መጣ! ሴቶቹ እልልታውን አቀለጡት፤ ልጆቹ ባዶ ጀሪካን እንደ ከበሮ ደበደቡ፤ ክፍል ውስጥ የጮኸብኝ ልጅ «ከልቢ! ከልቢ!» ብሎ ጀመረና ሰፈሩ ሁሉ ተቀበለው። እንደዚያን ቀን ያለ ስም ወጥቶልኝ አያውቅም። በዚያው ሞቅታ ጀሪካኔን በእግሬ ገፋ አድርጌ ከቧንቧው ሥር አስጠጋሁት።

«ወደ ኋላ!» አሉ አደይ ለምለም። «ተራሽ አይደለም!»

እየሳቅኩ ወደ ኋላ ሄድኩ። ሃያ ሦስተኛ ነበርኩ፤ ቆጥሬያለሁ።

አቦይ ያን ባለ ቀይ ምልክት ትልቅ ድንጋይ ለሌላ ሥራ አላዋሉትም። ጠርበው የቦኖው መቆሚያ አደረጉት፤ ፊቱ ላይ አንድ ትልቅ ነጥብ፣ ከላዩም አራት ትንንሽ ቀረጹ።

ከዓይናለም ስመለስ ሰፈሩን ሄጄ አየሁት። ቦኖው የለም፤ ውሃው በየቤቱ ገብቷል አሉኝ፤ ይህን የሰማሁት ነው። ድንጋዩ ግን የአንዲት ትንሽ ሱቅ ደረጃ ሆኖ እዚያው አለ፤ ይህን አይቻለሁ። ስምንት ዓመት የሚሆናት ልጅ ተቀምጣበት ነበር። ጎንበስ ብዬ ምልክቱን በጣቴ ስነካው፣ «ዕንባባ እዩ» አለችኝ። አበባ ነው ማለቷ ነው።

«አይደለም» አልኳት በተሰባበረው ትግርኛዬ፤ «ከልቢ እዩ።»

ድንጋዩን አየች። እኔን ከራስ እስከ እግር አየች። ያመነችኝ አትመስልም።

«ብምንታይ ፈሊጥክን?» አለች። በምን አወቁ?

ቦርሳዬን አውርጄ አጠገቧ ተቀመጥኩ።